ጉልበቷን ለሚያማት እናት የሚሆን ሴኖቴ

ሜክሲኮ፣ ካንኩን ነን፤ ጥንታዊውን የማያ ከተማ ፍርስራሽ ቺቼን ኢትዛን ደግመን የምናይበት አንድ ቀን ቀርቶናል። በቡድን አውቶቡስ ሞክረን ነበር፤ ከየሆቴሉ ሰው ሲለቅም አርፍዶ በእኩለ ቀን ሐሩር አደረሰን። ለሴኖቴው፣ ማለትም ለተፈጥሮው የዋና ጉድጓድ፣ የተሰጠን ግማሽ ሰዓትም የፀሐይ ክሬም በሻወር ስናስለቅቅና ለሕይወት አድን ጃኬት ስንሰለፍ አለቀ።

አሁን መኪና ያለው አስጎብኚ ይዘናል። መንገዱ ሁለት ሰዓት ተኩል ገደማ ነው፤ ቺቼን ኢትዛ ያለበት የዩካታን ግዛት ሰዓት ከካንኩን በአንድ ሰዓት ወደኋላ ስለሚል፣ ከጠዋቱ 12፡30 ብንነሳ በሩ 2፡00 ላይ ሲከፈት እንደርሳለን። የቸገረኝ ሴኖቴው ነው። ቅርብ ያለው ኢክ ኪል ውሃው ከመሬት 26 ሜትር ያህል ይዘቅጣል፣ መውረጃውም የሚያንሸራትት እርጥብ ደረጃ ነው። እናቴን ደግሞ ጉልበቷን ያማታል፣ ዋናም አትችልም፤ ግን እግሯን እንኳ ውሃው ውስጥ ሳትነክር እንድትመለስ አልፈልግም። ስንመለስ ቫያዶሊድ ከተማ አካባቢ፣ በጥቂት ደረጃ ብቻ ውሃው ዳር የሚደረስበት ሴኖቴ የትኛው ነው?