ከሞተ ልጅ በኋላ የሚወለደውን «ካሳ» ማለት ልጁን ይከብደዋል?

ሊወልድ ያለ፣ ከአራት ኪሎ፦
ሰላም ለሁላችሁ። ባለቤቴ ሰባተኛ ወሯን ይዛለች። አምና የመጀመሪያ ልጃችንን በተወለደ በሦስተኛው ቀን አጣነው። አሁን አማቴ ስሙን ከወዲሁ ቆርጠዋል፤ ወንድ ከሆነ ካሳ፣ ሴት ከሆነች ካሳነሽ። ባለቤቴ ይህ ስም በተነሳ ቁጥር ታለቅሳለች። «ልጄ ገና ሳይወለድ የሌላ ዕዳ ተሸክሞ አይመጣም» ትላለች። አማቴንም አልፈርድባቸውም፣ እሳቸው ራሳቸው ከሞተ ወንድማቸው በኋላ ተወልደው ነው ምትኬ የተባሉት። ትናንት ከሥራ ወጥቼ በቴዎድሮስ አደባባይ በኩል በእግሬ ወደ ፒያሳ ስወጣ ሐሳቤ ሁሉ እዚህ ላይ ነበር። ይሄ ነገር የእኛ ብቻ ነው ወይስ ሌላው ሕዝብም ያደርገዋል? እንዲህ ያለ ስም ይዛችሁ ያደጋችሁ ካላችሁ ደግሞ እባካችሁ ንገሩኝ።

ምትኩ ነኝ፦
ወንድሜ፣ እግዚአብሔር ያጽናችሁ። ስሜ ምትኩ ነው። ከእኔ በፊት የነበረው ልጅ በኩፍኝ ነው የሞተው። እውነቱን ልንገርህ፣ ስሙ አልከበደኝም። የከበደኝ ዝምታው ነው። በማን ምትክ እንደመጣሁ እስከ አሥራ ሁለት ዓመቴ የነገረኝ ሰው የለም። አንድ ቀን እናቴ ሳጥን ውስጥ ትንሽዬ ሹራብ አገኘሁና የማን ነው ብዬ ጠየቅኋት፣ ቁጭ ብላ ሁሉንም አጫወተችኝ፣ እንዴት ይስቅ እንደነበር ሳይቀር። ከዚያ ወዲህ ስሜን ሲጠሩኝ ሁለታችንም የተጠራን ይመስለኛል። ደስ ይለኛል። ካሳ ካላችሁት ታሪኩን አትደብቁት።

የካዛንቺሷ፦
የእኛ ብቻ አይደለም፣ በፍጹም። ኦሪት ዘፍጥረትን ክፈት። ሔዋን አቤል ከተገደለባት በኋላ ለወለደችው ልጅ ያወጣችለት ስም «ተተካልኝ» እንደማለት ነው፣ ያው ምትኩ። (ያ ስም «ሴት» ነው። በእኛ ቋንቋ ትርጉሙ ሌላ ስለሚሆን ነው መሰለኝ ለልጅ ሲወጣ የማልሰማው።) ዮሴፍ የበኩር ልጁን ምናሴ ያለው መከራዬን አስረሳኝ ብሎ ነው፤ ይሄ ቁርጥ የእኛ ማስረሻ ነው። ዐረቦችም ዐወድ የሚባል ስም አላቸው፣ ትርጉሙ ካሳ።
እኔ የምሠራው ከአፍሪካ ኢኮኖሚ ኮሚሽን አጠገብ ስለሆነ ከየአገሩ ሰው ጋር ቡና እጠጣለሁ። የናይጄሪያ ዮሩባዎች ልጅ እየሞተ ሲያስቸግር ስሙን ልመና ያደርጉታል። ዱሮጃዬ ማለት «ቆይ፣ ኑሮን ቅመሳት» ነው። ኮኩሞ ደግሞ «ከእንግዲህ አይሞትም»። መጀመሪያ ስሰማው እንባዬ መጣ። የጋና አካኖች በተወለደበት ቀን ይጠሩታል፣ ኮፊ ዓርብ፣ ክዋሜ ቅዳሜ፤ ኮፊ አናን ዓርብ ነው የተወለደው። ሐዘንም ምኞትም የለበትም።
እኔ የምፈራው ሌላ ነው፣ የሞተውን ልጅ ስም ራሱን ለሚቀጥለው መስጠት። ሠዓሊው ቪንሰንት ቫን ጎግ እ.ኤ.አ. መጋቢት 30 ቀን 1853 ሲወለድ፣ ልክ ከዓመት በፊት በዚያው ቀን ሞቶ የተወለደው ወንድሙም ቪንሰንት ነበር የተባለው። ካሳ ግን እንደዚያ አይደለም። ለልጁ የራሱ ስም ነው።

የሠራተኛ ሰፈር አባት፦
ልጄ፣ እኔ የምጨምረው አንድ ነገር ነው። ባለቤትህ ዕዳ ብላዋለች። ካሳ ዕዳ አይደለም። ካሳ የሚከፈለው ለተበደለ ሰው ነው። የተበደላችሁት እናንተ፣ የካሳችሁ ፈጣሪ፤ ሕፃኑ ምን ይከፍላል? ምንም። ይሄን ረጋ ብለህ ንገራት። ደግሞ ትናንት ያለፍክበት አደባባይ የማን ነው? አፄ ቴዎድሮስ በ1847 ከመንገሣቸው በፊት ካሳ ኃይሉ ነበሩ። በ1864 የነገሡት አፄ ዮሐንስም ካሳ ምርጫ ነበሩ። ስሙ ሁለቱንም ከዙፋን አላስቀራቸውም።
ይሁንና እኔ ከእናትየው ጋር ነኝ። ያማጠች ስታለቅስ ስም አይወጣም። ራሔል በምጥ ልትሞት ስትል ልጇን ቤንኦኒ፣ የጭንቀቴ ልጅ፣ አለችው። ያዕቆብ ግን ብንያም ብሎ ቀየረው፣ የቀኝ እጄ ልጅ እንደማለት። እንዲህም ማድረግ ይቻላል። ኦርቶዶክስ ክርስቲያን ከሆናችሁ ደግሞ ወንድ ከሆነ በአርባ፣ ሴት ከሆነች በሰማንያ ቀን የክርስትና ስም ይመጣል። አማትህ በቤት ካሳ ብለው ይጥሩት፣ መዝገብ ላይ የሚሰፍረውን እናቱ ታውጣ።

ሊወልድ ያለ፣ ከአራት ኪሎ፦
አባቴ፣ እግዜር ይስጥልኝ። ሁሉንም ማታ አነበብኩላት። «ካሳ የሚከፈለው ለተበደለ ነው» የሚለው ላይ አስቆመችኝና ድገምልኝ አለች። ስሙን ገና አልወሰነችም፣ እኔም አላጣደፍኳትም። አማቴ ቅዳሜ ይመጣሉ፣ ሦስታችንም ቁጭ ብለን እናወራለን። ምትኩ፣ ባለቤቴ ጠይቅልኝ ያለችው አንድ ነገር አለ። ሹራቡ አሁን የት ነው?

ምትኩ ነኝ፦
እኔ ጋ ነው። የመጀመሪያ ልጄ አንድ ክረምት ለበሰው፣ አሁን ጠቦታል።