ካሳ የሚለው ስም ይቀጥል ወይስ ይቅር?

የቡድኑ አስተባባሪ፦ የዛሬው ጥያቄ የመጣው ከአንድ አባላችን ነው። እሱና ባለቤቱ አምና የመጀመሪያ ልጃቸውን አጥተዋል። አሁን ወንድ ልጅ ተወልዶላቸዋል። አያትየዋ «ካሳ ይባል» ብለዋል። አባትየው ደግሞ «ልጄ የሰው ምትክ ሆኖ አያድግም» ብሎ አሻፈረኝ አለ። የልደት ካርድ ለማውጣት ስም ያስፈልጋል። ካሳ፣ ምትኩ፣ ተካ፣ ማስረሻ ዓይነት ስሞችን እንዴት ታዩዋቸዋላችሁ?

ነርሷ፦ ይቅሩ እላለሁ። የምሠራው ማዋለጃ ክፍል ነው። ልጅ ሞቶባት የነበረች እናት ስትወልድ ዘመድ ገና ከበር «እሰይ፣ እግዜር ካሰሽ!» እያለ ይገባል። ሕፃኑን ቀና ብሎ ያየው ሰው ግን የለም። ስሙንም በዚያው ስሜት ካወጣንለት ልጁ በማያውቀው ሐዘን ሲጠራ ሊኖር ነው።

የታሪክ አስተማሪው፦ እህቴ፣ ስሙን እንዲህ አታሳንሺው። የቋራው ካሳ ኃይሉ በ1847 ዓ.ም. ደረስጌ ማርያም ላይ ዘውድ ጫነ። የትግራዩ ካሳ ምርጫ በ1864 ዓ.ም. አክሱም ላይ ነገሠ። አንዱ አፄ ቴዎድሮስ፣ ሌላው አፄ ዮሐንስ ናቸው። በ17 ዓመት ውስጥ ሁለት ካሳዎች ነገሡ ማለት ነው። ይህን ስም የተሸከመ ልጅ አንገቱን የሚደፋበት ምክንያት የለም።

ነርሷ፦ ጋሼ፣ ሁለቱም እኮ ሲነግሡ ስሙን ትተውታል።

የታሪክ አስተማሪው፦ የንግሥና ስም ወግ ነው። ተፈሪም በ1923 ዓ.ም. ኃይለ ሥላሴ ተብለዋል። ቴዎድሮስ የሚለው ደግሞ በፍካሬ ኢየሱስ ትንቢት የሚጠበቅ የንጉሥ ስም ስለነበር ነው የተመረጠው። ሕዝቡ ግን አልተወውም። ፎካሪው ዛሬም «መይሳው ካሳ» ይላል። ዮሐንስንም «አባ በዝብዝ ካሳ» እያለ ያነሳቸዋል።

አንድ ካሳ፦ ነገሥታቱን እንተዋቸውና እኔ ስሜ ነውና ልናገር። ከእኔ በፊት የተወለደው ወንድሜ በኩፍኝ ሞቷል። ልጅ ሆኜ «ለምን ካሳ አላችሁኝ?» ብዬ ጠየቅኩ። እናቴ ቁጭ አድርጋ ሁሉንም ነገረችኝ። ስሙን፣ መዳህ የጀመረበትን ወር፣ ስንት ጥርስ አብቅሎ እንደነበር ሳይቀር። በብዙ ቤት የሞተ ሕፃን ስም አይነሳም። «ሌላ ትወልጃለሽ» ተብሎ ወሬው ይዘጋል። በእኛ ቤት ግን ስሜ በተጠራ ቁጥር ወንድሜም አብሮ አለ። ምትክ የሆንኩ መስሎኝ አያውቅም። ታናሹ ነኝ፣ በቃ። እናቴን ያጽናናት ስም እኔን አልጎዳኝም። እንዲያውም ወንድም እንደነበረኝ ያወቅኩት በእሱ ነው። ለዚህ ነው ይቅር ሲባል የሚከፋኝ።

ነርሷ፦ ይህን አልክድም። ግን እርስዎን እናትዎ ነግረውዎታል። ሳይነገረው ያደገስ? ማስረሻስ? ያ ስም እኮ ሟቹን እንርሳው ነው የሚለው።

አንድ ካሳ፦ በማስረሻ እስማማለሁ። እኔም ለልጅ አላወጣውም። ካሳ ግን ከእሱ ጋር አይደመርም። ካሳ ያለ ሰው መጉደሉን አምኗል። ስሙን የሚያወጣ ወላጅ ታሪኩንም ይንገር፤ ዕዳው ያ ነው።

ወጣቱ፦ እውነት ለመናገር በእኛ ዕድሜ ካሳ ሲባል ትዝ የሚለን የፈረሰ ቤት ካሳ ነው። ልጁ ክፍል ውስጥ እንዳይቀለድበት እፈራለሁ።

ከሜሪላንድ፦ እዚህ አሜሪካ ነገሩ ሌላ መልክ አለው። ካሳ የአባቴ ስም ነው። በወረቀት የቤተሰብ ስም ስለሆነ ወደ ልጆቼም ተላልፏል። ሴት ልጄ በትምህርት ቤት የስሟን ታሪክ እንድትጽፍ ታዘዘች። ስልክ ደውላ አክስቴን ጠየቀች። ከ70 ዓመት በፊት የሞተች የአባቴን እህት ያወቅናት ያን ቀን ነው። እኔ ራሴ ሰምቼ አላውቅም ነበር። አባትየው ይህንንም ያስብበት።

እትዬ፦ ልጆቼ፣ አያትየዋ ምን እንዳሉ ሰማን፣ አባትየውም ምን እንዳለ ሰማን። አራሷስ ምን አለች? አንድ ልጅ ቀብራ አንድ ያቀፈችው እሷ ናት። እስካሁን ማንም ስሟን አላነሳም።

የቡድኑ አስተባባሪ፦ ልክ ነዎት፣ እትዬ። አልጠየቅናትም። ለባለቤቷ አሁን እጽፍለታለሁ፤ እሷ ፈቃደኛ ከሆነች መልሷን እዚሁ አመጣለሁ።