የጨለማው ጌታ ክፉ ሆኖ ነው የተፈጠረው ወይስ በኋላ ክፉ ሆነ?

የሂርማታ ልጅ

ሰላም ለሁላችሁ። በአማርኛ ምናባዊ ልብወለድ እየጻፍኩ ነው። የራሱ ተራሮች፣ የራሱ ነገሥታት፣ የራሱ ዘመን አቆጣጠር ያለው ዓለም ነው፤ መልክዓ ምድሩን ግን ከዚሁ ከጅማ ነው የወሰድኩት። ጥቅጥቅ ያለ ደን አለ፣ በትልልቅ ዛፎች ጥላ ስር የሚበቅል ቡና አለ፣ ኮረብታ ላይ የእንጨት ቤተ መንግሥት አለ። ጅሬን ወጥቶ ከአባ ጅፋር ግቢ ቁልቁል ከተማውን ያየ ሰው ወዲያው ያውቀዋል።

ሰዎቹን እወዳቸዋለሁ፣ ንግግራቸውም ጥሩ መጥቶልኛል። ያስቸገረኝ ክፉው ነው። ከተራራው ማዶ የሚኖር የጨለማ ጌታ አለ፤ ሠራዊት ይልካል፣ ደኑን ያደርቃል፣ ቡናው ሳይቀላ ገና በአረንጓዴነቱ ጠቁሮ ይረግፋል። እስከዚህ ጥሩ ነው። ረቂቁን ያነበበች ጓደኛዬ ግን «ቆይ፣ ይሄ ሰውዬ ምንድን ነው የሚፈልገው?» አለችኝ። መልስ አጣሁ። ክፉ ስለሆነ ነው ብሎ ማለፍ አይቻልም።

ስለዚህ ልጠይቃችሁ። በትልልቆቹ ምናባዊ ድርሰቶች ውስጥ የጨለማው ጌታ ከየት ነው የሚመጣው? እነ ሳውሮን ከመጀመሪያው ክፉ ነበሩ? መነሻውን መጻፍ አለብኝ ወይስ ዝም ብዬ ልለፈው? ልጅነቱን፣ እናቱን፣ የበደሉትን ሰዎች ሁሉ መተረክ ከጀመርኩ መጽሐፉ የሱ እንዳይሆን እፈራለሁ። ደግሞ የውጭውን ገልብጬ ማምጣት አልፈልግም። የኛ አገር አንባቢ ሲያገኘው «ይሄንንስ አውቀዋለሁ» እንዲል ነው የምፈልገው።

ቆጪ ሰፈር

እህቴ፣ ጥሩ ቦታ ላይ ነው የያዝሽው። ሳውሮንን ስላነሳሽ ከሱ ልጀምር። ብዙ ሰው ፊልሙን ብቻ አይቶ እሳታማ ዓይን ነው ብሎ ይተወዋል፤ ታሪኩ ግን ከዚያ በጣም ይሰፋል።

ደራሲው ቶልኪን ሳውሮንን ክፉ አድርጎ አልፈጠረውም። ከ1954 እስከ 1955 በሦስት ቅጽ በወጣው «የቀለበቶቹ ጌታ» ውስጥ ኤልሮንድ ጉባኤው ላይ ሲናገር ሲጀመር ክፉ የሆነ ነገር እንደሌለ፣ ሳውሮን እንኳ እንዳልነበረ ይላል። ዝርዝሩን የምታገኚው ደራሲው ከሞተ በኋላ በ1977 በታተመው «ሲልማሪሊዮን» ላይ ነው። ሳውሮን ዓለም ሳይፈጠር የነበረ መንፈስ ነው፤ የአውሌ፣ ማለትም የአንጥረኞች ሁሉ አለቃ የሆነው ታላቅ መንፈስ ወገን ነበር። ባለ እጅ ነበር በአጭሩ። መሥራት ይወዳል፣ ሥርዓት ይወዳል፣ ብክነትና ግርግር አይሆንለትም። እስከዚህ ድረስ ምን ጥፋት አለበት? ምንም።

ከዚያ የመጀመሪያው የጨለማ ጌታ ሜልኮር፣ በኋላ ሞርጎት የተባለው፣ ሳበው። የሳበው በምን መሰለሽ? ያሰበውን ነገር ቶሎ፣ ማንንም ሳይለምን የሚፈጽም ስለመሰለው ነው። ቶልኪን ይሄንን በማስታወሻዎቹ ላይ ጽፎታል። ሳውሮን ቸኩሎ ነው የጠፋው ማለት ይቻላል። ጥሩ ነገር መሥራት ፈለገ፣ የሌሎች ሰዎች ፈቃድ መንገድ ላይ ቆመበት፣ ፈቃዳቸውን መጠየቅ ደግሞ ጊዜ ማባከን ሆኖ ታየው።

ጓደኛሽ ለጠየቀችሽ መልሱ እዚህ ጋ ያለ ይመስለኛል። ሁለቱ የጨለማ ጌቶች የሚፈልጉት አንድ አይደለም። ሞርጎት ዓለምን የሚጠላት የሱ ሥራ ስላልሆነች ነው፣ ቢችል እስከ አፈሩ ያጠፋታል። ሳውሮን ግን ዓለም እንድትጠፋ አይፈልግም። እንድትስተካከል ነው የሚፈልገው፤ በሱ እጅ፣ በሱ ልክ። ያንቺው የትኛው ነው? ደን የሚያደርቅ ሁለቱም ይሆናል፣ ግን የሚያደርቅበት ምክንያት ይለያያል፣ ምክንያቱ ከተለየ ደግሞ የሚሰጠው ትእዛዝ፣ ሎሌዎቹን የሚመርጥበት መንገድ፣ የሚምራቸውና የማይምራቸው ሰዎች ሁሉ ይለያያሉ።

አንድ ትዕይንት ብቻ ልጨምር። ሞርጎት ከተሸነፈ በኋላ ሳውሮን የአሸናፊዎቹን አዛዥ ይቅርታ ጠይቆ ነበር። ይቅር የሚልህ እኔ ሳልሆን የበላዮቹ ናቸው፣ ሄደህ ፍርድህን ተቀበል ተባለ። አፈረ፤ ተዋርዶ መመለስ አቃተው፣ ተደበቀ። ከብዙ ዘመን በኋላ በሚያምር መልክ ወደ ኤልፎች፣ ማለትም በዚያ ዓለም ወደሚኖሩት ዘመን የማያስረጃቸው ሕዝቦች መጣ፣ ስሙንም አናታር፣ የስጦታ ጌታ አለ። ገሚሶቹ አላመኑትም። ኤሬጊዮን በምትባለው አገራቸው ያሉት አንጥረኞች ግን አስገቡት፣ አስተማራቸው፣ አብረው ቀለበት ሠሩ። ያስተማራቸው ትምህርት እኮ እውነተኛ ነበር! በኋላ ብቻውን እሳተ ገሞራው ውስጥ ሌሎቹን ሁሉ የሚገዛውን አንዱን ቀለበት ሠራ፤ ጣቱ ላይ ባጠለቀበት ቅጽበት ኤልፎቹ ነቁበት፣ የራሳቸውን አወለቁ።

መምህር ጡረተኛው

ልጆች፣ ውይይታችሁ ደስ ብሎኝ ነው የገባሁት። ልጄ፣ የአገርሽን ነገር ከፈለግሽ ሩቅ አትሂጂ።

በቤተ ክርስቲያን ትምህርት በአክሲማሮስ የሚነገረውን ታውቂው ይሆናል። መላእክት ተፈጠሩ፣ ፈጣሪ ግን ወዲያው አልተገለጠላቸውም። ማን ፈጠረን እያሉ እርስ በርሳቸው ይጠያየቁ ጀመር። ሳጥናኤል ከሁሉ በላይ ነው የተቀመጠው። ወደ ላይ ቢመለከት ከሱ በላይ ማንም የለም። «እኔ ፈጠርኳችሁ» አለ። ግማሹ አመነ፣ ግማሹ ተጠራጠረ፣ ሽብር ሆነ። ያን ጊዜ ነው ቅዱስ ገብርኤል «ንቁም በበህላዌነ እስከ ንረክቦ ለአምላክነ» ብሎ ያረጋጋቸው፤ አምላካችንን እስክናገኘው በያለንበት ጸንተን እንቁም ማለቱ ነው።

እስቲ ይሄን እንደ ደራሲ እይው። ሳጥናኤል የወደቀው ድሀ ሆኖ፣ ተገፍቶ፣ ተርቦ አይደለም። ትልቁን ቦታ ይዞ ነው። ጥያቄው ለሁሉም እኩል ቀረበ፣ መልሱ ለጊዜው ተሰወረ፣ ባዶውን ቦታ በራሱ ስም ሞላው። ክፋቱ ያችን አንዲት ዓረፍተ ነገር ሲናገር ጀመረ። ልብ በይ፣ ከዚያ በፊት ሌሎቹ ይሰሙት ነበር፣ ያከብሩት ነበር። ባይከበር ማን ያምነው ነበር?

ሁለተኛው መጽሐፈ ሄኖክ ነው፤ ሙሉው በዓለም ላይ የተረፈው በግዕዝ ብቻ እንደሆነ ታውቃላችሁ። ሁለት መቶ መላእክት በአርሞን ተራራ ላይ ወረዱ ይላል። ከነሱ አዛዝኤል ለሰው ልጅ ሰይፍና ቢላዋ፣ ጋሻና ጥሩር መሥራትን አስተማረ፤ አምባርና ጌጣጌጡን፣ ዓይን መኳልን፣ የከበረ ድንጋዩን ጭምር። ቆጪ ሰፈር ያልከው የስጦታው ጌታ ወንድም አይመስልም? ስጦታው ያምራል። የሚያስከፍለው ዋጋ በኋላ ነው የሚታወቀው።

አንድ ነገር ግን አደራ። ክፉው ባለ እጅ ነው ብለሽ እዚያው አትተዪው። በኛ አገር ቀጥቃጩን፣ ሸማኔውን፣ ሸክላ ሠሪዋን ቡዳ እያልን ስንት ዘመን ስንበድል ኖርን። አብሮ ማዕድ ያልቀረበላቸው፣ ልጅ ያልተዳራላቸው ሰዎች ናቸው። ያንቺ የጨለማ ጌታ ብረት የሚያቀልጥ ከሆነ፣ በጎ የሆነ ቀጥቃጭ ደግሞ መጽሐፉ ውስጥ ይኑር፤ ለይስሙላ ሳይሆን ነገሩን የሚገለብጥ ሰው ይሁን።

ቦዬ ዳር

አሰላሙ አለይኩም፣ ሰላም ለሁላችሁ። መምህር፣ እርስዎ ባሉት ላይ ልጨምር። የኢብሊስን ታሪክ እዚህ ጅማ መድረሳ የተማረ ልጅ ሁሉ ያውቀዋል። ለአደም ስገዱ ሲባል መላእክቱ ሰገዱ፣ ኢብሊስ እምቢ አለ። ቁርኣን ከጂን ወገን እንደነበረ ይናገራል። ለምን አልሰገድክም ሲባል የሰጠው መልስ ነው ሁልጊዜ የሚገርመኝ፦ እኔ እበልጠዋለሁ፣ እኔን ከእሳት ፈጠርከኝ፣ እሱን ከጭቃ። ወላሂ፣ አላህን አልካደም እኮ! ፈጣሪው ማን እንደሆነ እያወቀ፣ ፊት ለፊት እየተነጋገረ ነው ያመፀው። ምክንያት አለው፣ ክርክር አለው፣ ክርክሩ ደግሞ ሁሉ ስለ ራሱ ነው።

ከዚያ ጊዜ ስጠኝ አለ፣ እስከ ትንሣኤ ቀን። ተሰጠው። ለድርሰትሽ ይሄ ትልቅ ነገር ነው። ቀነ ገደብ ያለው ክፉ ነው፤ እንደሚሸነፍ ያውቃል፣ ሆኖም ብዙ ሰው ይዞ መውደቅ ይፈልጋል። ሥልጣን ከሚፈልግ ክፉ ይልቅ እንዲህ ያለው ያስፈራኛል፣ ምክንያቱም ልታስታርቂው የምትችይበት ነገር በእጅሽ የለም።

ደግሞ በሰው ላይ ሥልጣን የለውም፤ መጎትጎት ብቻ ነው የተፈቀደለት። ያንቺው ጌታ ሠራዊት ከመላኩ በፊት በሰዎች ጆሮ ምን ሲል ነበር? እሱን ጻፊ።

ፈረንጅ አራዳ

እኔ በከፊል አልስማማም፣ በተለይ መነሻውን ጻፊ በሚለው ላይ።

«የቀለበቶቹ ጌታ»ን ለሚያነብ ሰው ሳውሮን አንድም ጊዜ በአካል ፊቱ አይቆምም። ያን ሁሉ ገጽ ታነቢያለሽ፣ ወሬውን ትሰሚያለሽ፣ ጥላው ያጠላብሻል፣ ሰውዬው አይመጣም። አካል እንዳለው በቅርብ የምታውቂው ተሠቃይቶ ከእጁ ባመለጠው፣ ጎለም በሚባለው ፍጡር አፍ ነው፦ ጥቁሩ እጁ ላይ ያሉት ጣቶች አራት ብቻ ናቸው፣ ግን ይበቃሉ ይላል። አምስተኛውን በጥንቱ ጦርነት ኢሲልዱር የተባለ ሰው በተሰበረ ሰይፍ ከነቀለበቱ ቆርጦታል። በቃ፣ ይሄው ነው። እኔ ያንን ዓረፍተ ነገር ሳነብ ከየትኛውም የጦርነት ምዕራፍ በላይ ነው የዘገነነኝ፤ የሚያወራው ያችን እጅ በቅርብ ያያት ፍጡር ነዋ።

አሁን አሁን ደግሞ ክፉን ሁሉ በልጅነት በደል የማስረዳት ልማድ መጥቷል። አባቱ መታው፣ ፍቅረኛው ከዳችው፣ ስለዚህ ዓለምን አቃጠለ። ይሄ ልክ አይመስለኝም። ተበድለው ክፉ ያልሆኑ ስንት ሰዎች በየሰፈራችን አሉ! በደልን የክፋት ፋብሪካ ስናደርገው እነሱን ነው የምንሰድበው። መምህርም ቦዬ ዳርም ያነሷቸው ታሪኮች ላይ የተበደለ የለም። የመረጠ ነው ያለው።

ስለዚህ የኔ ምክር፣ መነሻውን አንቺ እወቂው፣ ለአንባቢ ግን ምዕራፍ አትስጪው።

ቆጪ ሰፈር

በዚህ እስማማለሁ። እንዲያውም ቶልኪን ራሱ እንዲህ ነው ያደገበት። በ1937 በወጣው «ሆቢት» ውስጥ ከሩቅ የሚወራለት አንድ ሙት ሳቢ ጠንቋይ አለ፣ ከደኑ አባረሩት ይባላል፣ ታሪኩ ያልፋል። ያ ሰው ሳውሮን መሆኑ ለአንባቢ የተነገረው በኋለኛው መጽሐፍ ነው።

ግን አንድ ነገር ልከራከርህ። መነሻው ባይተረክም ውጤቱ ላይ መታየት አለበት። ሳውሮን የተሸነፈበትን ምክንያት ተመልከት። ጠላቶቹ ቀለበቱን አግኝተው ሊያጠፉት ይሄዳሉ ብሎ ማሰብ አልቻለም። ሰውን ሁሉ በራሱ ፍላጎት ነው የሚመዝነው፤ ሥልጣን ያገኘ ሰው ሊጥለው ይችላል የሚለው ሐሳብ ጭንቅላቱ ውስጥ አይገባም። ዓይኑን ወደ ሠራዊቱ አዙሮ ሳለ ሁለት ትንንሽ ሰዎች በገዛ አገሩ ውስጥ ይሄዱ ነበር። ይሄ ዕውርነት ከዚያ ከጥንቱ፣ የሌላውን ፈቃድ እንደ እንቅፋት ካየበት ቀን የመጣ ነው። መነሻና መጨረሻው እንዲህ ይያያዛሉ።

የሂርማታ ልጅ፣ ያንቺው ጌታ ማሰብ የማይችለው ነገር ምንድን ነው?

የሂርማታ ልጅ

ሁላችሁንም አመሰግናለሁ፣ መምህር እድሜ ይስጥልኝ። ስታወሩ ብዙ ነገር መጣልኝ። እስቲ ይሄን ተመልከቱልኝ።

በኔ ዓለም ቡናን መንከባከብ ለሰዎች ያስተማረው እሱ ይሁን። መቼ መልቀም እንዳለበት፣ እንዴት መድረቅ እንዳለበት፣ ችግኝ እንዴት እንደሚፈላ። እውነተኛ ትምህርት ነው፣ አገሩ ጠግቦበታል። ደኑ ግን እንደፈለገው ነው የሚበቅለው፤ እዚህ ዋንዛ፣ እዚያ ብርብራ፣ ቡናው በመካከል እንዳገኘ። ይሄ አላስቻለውም። በመስመር ይሁን አለ። ሁሉም በአንድ ቀን ያብብ አለ። ከመስመር የወጣውን ዛፍ ማስቆረጥ ጀመረ፣ ሰዎቹም ባለውለታቸው ነውና አብረው ቆረጡ። ጥላው ሄደ፣ ቡናው ፀሐይ መታው፣ ፍሬው መጥቆር ጀመረ። እሱ ግን የጠቆረው ሥርዓቱ ስላልሞላ ነው ብሎ አመነ፤ ጨምሮ አስቆረጠ፣ እምቢ ያሉትን መንደሮች በሠራዊት ያዘ። ስለዚህ ማድረቁ ከጥላቻ አይደለም። አሁንም እያለማ ነው የሚመስለው።

ማሰብ የማይችለው ነገር፣ ማንም ያልተከለው ቡና ነው። ጦጣና ወፍ ፍሬውን በልተው በዘሩት፣ ማንም ባላዘዘው፣ ገደል ውስጥ በቀረ ቡና ነው አገሩ የሚተርፈው። የሚያገኘውም የቀጥቃጭ ልጅ ይሆናል፣ መምህር ባሉት መሠረት፤ ቤተሰቧን መንደሩ ስላራቃቸው ሰው ከማይሄድበት ጫፍ ነው የሚኖሩት።

ልጅነቱን አልጽፍም። እጁን ግን አንድ ቦታ አሳያለሁ።

ፈረንጅ አራዳ

ይሄማ ሌላ መጽሐፍ ሆነ፣ በርቺ! አንድ ነገር ብቻ፦ ያስተማራቸው እውነት ከሆነ የሚወደው ሰው ይኑር። መንደሩ ውስጥ፣ ልጇ በሠራዊቱ የሞተባት፣ ግን እስከ ዛሬ ቡና ስታፈላ እሱን ሳትመርቅ የማትጠጣ አንዲት እናት ብትኖርስ? ተታልላ አይደለም፣ ረሃቡን አይታዋለች፣ ያወጣቸው እሱ ነው። የቀጥቃጯ ልጅ ከሷ ጋር መከራከር ይኑርባት። ያንን ምዕራፍ ከጦርነቱ በፊት ጻፊውና እዚሁ አምጪው፣ እናነበዋለን።