የኡበር ሹፌር ተቀጣሪ ይባል ወይስ የራሱ አለቃ?

ሚሚ (ቨርጂኒያ)፦ ሰላም ቤተሰብ። ካሊፎርኒያ ከጃንዋሪ 2026 ጀምሮ የኡበርና የሊፍት ሹፌሮች በዩኒየን ተደራጅተው እንዲደራደሩ ፈቅዳለች። ሹፌሩ ግን አሁንም ኮንትራክተር ነው፤ ማለትም ተቀጣሪ ሳይሆን በራሱ የሚሠራ። እኛ ጋ ነገሩ ቢነሣ ምን እንጠይቅ? ሙሉ ተቀጣሪነት ወይስ እንደ ሲያትል ዝቅተኛ ዋጋ ተቆርጦልን እንደፈለግን መንዳት?

ታዲ (ሎስ አንጀለስ)፦ ተቀጣሪነት! ሌላው ማባበያ ነው። በ2018 የካሊፎርኒያ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በዳይናሜክስ ጉዳይ፣ ሠራተኛው ኮንትራክተር መሆኑን የማስረዳት ሸክም የኩባንያው ነው አለ። በ2019 ኤቢ 5 የተባለው የስቴቱ አዋጅ ይህንኑ ሕግ አደረገው። ኩባንያዎቹ ከ200 ሚሊዮን ዶላር በላይ አፍስሰው ሹፌሩ ኮንትራክተር ሆኖ እንዲቀር ያደረገውን ፕሮፖዚሽን 22ን በ2020 በሕዝብ ድምፅ አሳለፉ፤ ፍርድ ቤቱም በ2024 አጸናው። ከዝቅተኛው ደመወዝ 120 በመቶ ዋስትና አላችሁ ይሉናል። የሚቆጠረው ግን ትሪፕ ከተቀበልክ ጀምሮ ሰውየውን እስክታወርድ ነው። ኤርፖርት ወረፋ ላይ ያንቀላፋህበት ሰዓት የማንም አይደለም።

ብሩክ (ዴንቨር)፦ እኔ አለቃ አልፈልግም። ሁለት አፕ ከፍቼ የተሻለውን እወስዳለሁ፣ ለፋሲካ ማንንም ሳላስፈቅድ እቀመጣለሁ። ታክስ ላይም ለ2025 በማይል 70 ሳንቲም እቀንሳለሁ። ተቀጣሪ ይህን ከፌዴራል ታክሱ ላይ መቀነስ አይችልም። ኮሎራዶ በ2024 ባወጣችው ሕግ ተሳፋሪው የከፈለውንና ለእኔ የደረሰኝን ኩባንያው ማሳየት አለበት፤ ለኔ ይህ ይሻለኛል።

ታዲ፦ ማየት ኪስ አይሞላም ወንድሜ። ተቀጣሪ ብትሆን እኮ ካሊፎርኒያ ውስጥ የቤንዚኑንም የጎማውንም ወጪ የሚመልስልህ አሠሪው ነው፣ የሥራ ሕጉ ያስገድደዋል። በኮቪድ ጊዜስ? ኮንግረስ ለኮንትራክተሮች ልዩ እርዳታ ባያወጣ ኖሮ የሥራ አጥ ክፍያ ከየት እናገኝ ነበር?

ሚሚ፦ ተቀጣሪ ከሆኑ ፈረቃ የግድ ነው?

ታዲ፦ አይደለም። ሕጉ ስለ ፈረቃ ምንም አይልም።

ብሩክ፦ ሕጉ ባይልም ኩባንያው ይላል። ትርፍ ሰዓት ላለመክፈል 40 ሰዓት ሲሞላህ አፑን ይዘጋብሃል። ያን ጊዜ ቤት ኪራዩን ማን ይከፍላል?

አባ ናሆም (ሲያትል)፦ ልጆች፣ እኛ ያለፍንበትን ልንገራችሁ። የሲያትል ምክር ቤት ሹፌሮች እንዲደራደሩ በ2015 ሲፈቅድ በአገሪቱ የመጀመሪያው ነበር። ሐበሻው፣ ሶማሌው፣ ሁሉም ተሰልፎ ያገኘው ነው። የንግድ ምክር ቤቱ ከሰሰ። በ2018 የፌዴራል ይግባኝ ፍርድ ቤት፣ ኮንትራክተሮች ተሰብስበው ዋጋ መቁረጣቸው የፀረ ሞኖፖሊ ሕግን ስለሚነካ ከተማ ብቻውን ሊፈቅደው አይችልም፣ የስቴቱ ግልጽ ፈቃድና ቁጥጥር ያስፈልጋል አለ። ካሊፎርኒያም አሁን በስቴት ደረጃ የሄደችው ለዚሁ ነው። እኛ በድርድር ፋንታ የስቴታችን ዋና ከተማ ኦሎምፒያ ሄደን ዋጋውን በሕግ አስወሰንን። በ2022 የወጣው ሕግ ለሲያትል በማይል 1.38 ዶላር፣ በደቂቃ 59 ሳንቲም አደረገው፤ በየዓመቱም ይስተካከላል። ሰው ጭነን ለነዳነው 40 ሰዓት 1 ሰዓት የሕመም ፈቃድ አለን። ሥራ ላይ ከተጎዳን ካሳ አለ።

ከሁሉ በላይ ግን ከአፕ ሲያግዱን ይግባኝ አለን። እኔን አንዱ ኩባንያ በአንድ ተሳፋሪ ወሬ ዘግቶኝ ነበር። የመኪናው ዕዳ አልተዘጋም! ይግባኝ ብዬ ተመለስኩ። ታዲ፣ ደመወዝ ያልከው ሁሉ እውነት ነው፤ የታገደ ሰው ግን 120 በመቶውም አይደርሰውም።

ሄለን (ሚኒያፖሊስ)፦ አባ ናሆም፣ ያልነገሩን አለ። ያ ሕግ ከተሞች ከእንግዲህ በራሳቸው እንዳይወስኑ አግዷል አይደል?

አባ ናሆም፦ አዎ፣ ልጄ። ያንን ሰጥተን ነው ያገኘነው።

ሄለን፦ እኛም ሰጥተናል፤ ልዩነቱ ሳንጠየቅ ነው። የሚኒሶታ ገዥ ዋልዝ በ2023 የስቴቱ ምክር ቤት ያሳለፈውን የሹፌሮች ዋጋ ሕግ ሻሩት። በመጋቢት 2024 የሚኒያፖሊስ ምክር ቤት የከንቲባውን ተቃውሞ ሽሮ በማይል 1.40 ዶላር፣ በደቂቃ 51 ሳንቲም ወሰነ። ኩባንያዎቹ ጥለን እንወጣለን ብለው ዛቱ። ስቴቱ ገባና ዋጋውን ወደ 1.28 እና 31 ሳንቲም አወረደው፣ የከተማውን ሥልጣንም ወሰደ። ገጠር ለሚነዳ ጥሩ ነው፤ እሱ ከዚያ በፊት ምንም አልነበረውም። እኛ መሀል ከተማ ያለነው ግን የያዝነውን ተቀማን።

ታዲ፦ እኔም የምለው ይህንኑ ነው! ተቀጣሪ ለሆነ ሰው ካሊፎርኒያ ዝቅተኛውን ደመወዝ ትወስናለች፣ ሎስ አንጀለስ ከዚያ በላይ ትጨምራለች፤ ማንም አይከለክላትም። ለሹፌር ሲሆን ብቻ ነው ጣሪያ የሚሠራው።

ብሩክ፦ በዚህስ እስማማለሁ። በተቀጣሪነቱ ግን አላሳመንከኝም።

ሄለን፦ ሚሚዬ፣ ዋና ከተማችሁ ሪችመንድ ላይ የሕግ ረቂቅ ከቀረበ ሳንቲሙን ከማየታችሁ በፊት መጨረሻው ገጽ ላይ ስለ ከተሞችና ካውንቲዎች የሚለውን አንቀጽ ፈልጉ። እኛ ያነበብነው ከተፈረመ በኋላ ነው።