25ቱም መብራት በርቶ የሚጀምረው ደረጃ፦ ሁለቱ የታች ጥጎች አልጠፋ አሉኝ

ማለዳ (ጠያቂ)

ሰላም ለሁላችሁ። እህታችሁን እርዱኝ፤ አንድ ደረጃ አላልፍ ብሎኛል።

በብሮውዘር የሚከፈት የመብራት እንቆቅልሽ ነው። ለማታውቁት ልግለጸው። 5 በ5 የሆነ ሰሌዳ አለ፤ 25 ሳጥን ማለት ነው። አንዱን ሳጥን ስትጫኑ እሱ ራሱ፣ እንዲሁም ከላይ፣ ከታች፣ ከግራና ከቀኝ የሚዋሰኑት ይገለበጣሉ። የበራው ይጠፋል፣ የጠፋው ይበራል። ግቡ ሁሉንም ማጥፋት ነው።

ያስቸገረኝ የመጨረሻው ደረጃ ነው። 25ቱም በርተው ይጀምራል። የማውቀው ዘዴ አንድ ብቻ ነው፤ ከላይ ወደ ታች መጥረግ። 1ኛው ረድፍ ላይ የበራ ካለ ልክ ከሥሩ ያለውን የ2ኛው ረድፍ ሳጥን እጫናለሁ፤ የላይኛው ይጠፋል። ከዚያ 2ኛውን በ3ኛው፣ 3ኛውን በ4ኛው እያልኩ እወርዳለሁ። እስከ 4ኛው ረድፍ ድረስ ጥርግ ይላል። 5ኛው ረድፍ ላይ ግን ሁለት መብራት ይቀራል፤ አንዱ የግራ ጥግ፣ አንዱ የቀኝ ጥግ። ከዚያ በታች ረድፍ የለ፣ በምን ላጥፋቸው?

ሦስት ቀን ሙሉ ከዜሮ እየጀመርኩ ሞከርኩ። ሁልጊዜ እዚያው ጥግ ላይ ነው የምደርሰው። መልሱን ብቻ ብትሰጡኝም አመሰግናለሁ፤ ምክንያቱም ቢገባኝ ግን የበለጠ ደስ ይለኛል።

ጨረቃ

ሰላም ማለዳ። እኔ እንዲህ ሲገጥመኝ ጥጎቹን አስቀድሜ እጫናለሁ። ከአራቱ ጥግ ጀምሪና ወደ መሃል ግቢ። ትንንሾቹ ደረጃዎች ላይ ሠርቶልኛል።

ማለዳ

አመሰግናለሁ ጨረቃ። አሁኑኑ ሞከርኩት። ጥጎቹ ጠፉ፤ መሃሉ ግን ተበታተነብኝና የት እንደደረስኩም ጠፋኝ።

ባለእርሳስ

ማለዳ፣ የያዝሽው መንገድ ትክክል ነው፤ አትተዪው። ግማሹን ብቻ ነው የሄድሽው። ሁልጊዜ እዚያው ጥግ መድረስሽም ስህተት እንዳልሠራሽ ነው የሚያሳየው። ከሙሉ መብራት ተነስቶ በትክክል የጠረገ ሰው ሁሉ የሚደርሰው እዚያ ነው።

አሁን የምታደርጊው ይህ ነው። ሁለቱ ጥጎች በርተው ሳለ ወደ 1ኛው ረድፍ ተመለሽ። ከግራ 1ኛውንና 2ኛውን ሳጥን ተጫኚ። ከላይ አዲስ መብራት ይበራል፤ አትደንግጪ። ከዚያ እንደገና ከላይ ወደ ታች ጥረጊ። በዚህኛው ዙር 5ኛው ረድፍ ጭልም ብሎ ይጨርሳል።

ምክንያቱን ጠይቀሻል። የላይኛው ረድፍ ላይ የተጫንሽው ነገር በጥረጋው እየተንከባለለ ወርዶ የታችኛውን ረድፍ ይቀይራል። ከላይ 1ኛውን ብቻ ተጭነሽ ብትጠርጊ ከታች 2ኛው፣ 3ኛውና 5ኛው ይገለበጣሉ። ከላይ 2ኛውን ብቻ ብትጫኚ ደግሞ ከታች 1ኛው፣ 2ኛውና 3ኛው። ሁለቱን አንድ ላይ ስታደርጊያቸው 2ኛውና 3ኛው ሁለቴ ስለተገለበጡ እንደነበሩ ይመለሳሉ። የሚቀየሩት 1ኛውና 5ኛው ብቻ ናቸው። ያንቺ ሁለት ጥጎች እነሱ ናቸው።

ለሌሎቹ ደረጃዎችም እንዲሆንሽ ሙሉውን እጽፍልሻለሁ። የምትቆጥሪው ከግራ ነው። በግራ በኩል ያለው ከታች የቀረው፣ በቀኝ በኩል ያለው ከላይ የምትጫኚው፦

1 እና 5 ከቀሩ፦ 1 እና 2
2 እና 4 ከቀሩ፦ 1 እና 4
1፣ 2፣ 3 ከቀሩ፦ 2
3፣ 4፣ 5 ከቀሩ፦ 4
2፣ 3፣ 5 ከቀሩ፦ 1
1፣ 3፣ 4 ከቀሩ፦ 5
1፣ 2፣ 4፣ 5 ከቀሩ፦ 3

ማለዳ

ጠፋ! ሁሉም ጠፋ! ባለእርሳስ፣ እግዜር ይስጥልኝ። ማብራሪያህን ሁለቴ አነበብኩት፤ የ2ኛውና የ3ኛው መሰረዝ ሲገባኝ ነገሩ ሁሉ በራልኝ።

አንድ ነገር ግን ቀረኝ። ጨዋታው ስጨርስ 25 ጊዜ ተጭነሻል ብሎ አንድ ኮከብ ብቻ ሰጠኝ። ሦስተኛውን ኮከብ የሚሰጠው በ15 ለጨረሰ ነው። አሥር ጊዜ ከየት ልቀንስ? በዚህ ዘዴ መጀመሪያ መጥረግ፣ ከዚያ ተመልሶ መጥረግ ግድ አይደለም እንዴ?

ዘጠኝ ነጥብ

ግድ አይደለም። እስካሁን ያልተነሳ አንድ ነገር አለ፤ የዚህ ጨዋታ ቁልፉም እሱ ነው። ቅደም ተከተል ለውጥ አያመጣም። አንዱን ሳጥን መጀመሪያም ተጫኚው መጨረሻም ውጤቱ ያው ነው። ሁለቴ የተጫንሽው ደግሞ ጭራሽ እንዳልተጫንሽው ይቆጠራል። ስለዚህ ለእያንዳንዱ ሳጥን ጥያቄው አንድ ብቻ ነው፦ ይጫናል ወይስ አይጫንም?

አሁን ወረቀት አምጪና ሁለቱንም ጥረጋ ጻፊ። እኔ ጽፌዋለሁ፤ አንቺም አመሳክሪው።

የመጀመሪያው ጥረጋ፦ 2ኛው ረድፍ ላይ አምስቱንም፣ 3ኛው ላይ 1 እና 5፣ 4ኛው ላይ 1፣ 2፣ 4፣ 5፣ 5ኛው ላይ 2፣ 3፣ 4። ድምሩ 14።

ሁለተኛው ጥረጋ፦ 1ኛው ረድፍ ላይ 1 እና 2፣ 2ኛው ላይ 3፣ 3ኛው ላይ 1፣ 3፣ 4፣ 4ኛው ላይ 1፣ 3፣ 5፣ 5ኛው ላይ 4 እና 5። ድምሩ 11።

14 እና 11 ሲደመር 25፤ ጨዋታው የነገረሽ ቁጥር። አሁን በሁለቱም ዝርዝር ውስጥ ያሉትን ፈልጊ። የ2ኛው ረድፍ 3ኛ ሳጥን፣ የ3ኛው ረድፍ 1ኛ፣ የ4ኛው ረድፍ 1ኛና 5ኛ፣ የ5ኛው ረድፍ 4ኛ። አምስት ሳጥኖች ናቸው፤ እያንዳንዳቸውን ሁለቴ ተጭነሻቸዋል። አሥሩ ትርፍ እዚያ ነው ያለው። ሰርዣቸው። የሚቀርሽ ይህ ነው፦

1ኛ ረድፍ፦ 1፣ 2
2ኛ ረድፍ፦ 1፣ 2፣ 4፣ 5
3ኛ ረድፍ፦ 3፣ 4፣ 5
4ኛ ረድፍ፦ 2፣ 3፣ 4
5ኛ ረድፍ፦ 2፣ 3፣ 5

ልክ 15። በፈለግሽው ቅደም ተከተል ተጫኚው። ይህንኑ ግራና ቀኙን ብትገለብጪው፣ ላይና ታቹን ብትገለብጪው፣ ወይም ሁለቱንም ብታደርጊ ይሠራል። አራት መልስ አለው ማለት ነው፤ አራቱም 15 ናቸው። ከ15 በታች የሚጨርስ መንገድ ስለሌለ ከዚህ በላይ አትድከሚ። እንዲያውም 5 በ5 ላይ ሊፈታ የሚችል ሰሌዳ ሁሉ ቢበዛ በ15 ያልቃል።

ይህ ጨዋታ እ.ኤ.አ. በ1995 ታይገር ኤሌክትሮኒክስ ላይትስ አውት ብሎ ባወጣው የእጅ መጫወቻ ነው በሰፊው የታወቀው። ብሮውዘር ላይ የምናገኛቸው አብዛኞቹ የሱ ልጆች ናቸው።

ጨረቃ

እኔም ተማርኩ፤ ጥግ ጥጉን ስነካካ የኖርኩት በግምት ነበር።

ማለዳ፣ ኮከቡን ከማግኘትሽ በፊት አንድ ነገር ላስታውስሽ። አካውንት ክፈቱ የማይሉ ጨዋታዎች ብዙዎቹ ውጤትሽን እዚያው ብሮውዘሩ ውስጥ ነው የሚያስቀምጡት። በኢንኮግኒቶ ከፍተሽው ከሆነ ስትዘጊው አብሮ ይጠፋል። እኔ አርባ ደረጃ እንደዚያ አጥቼአለሁ፤ በጣም ነው ያዘንኩት።

ነጭ ወረቀት

ሰላም፣ ጥያቄ ልደርብ። እኔ የምጫወተው በየጊዜው አዲስ ሰሌዳ የሚያመጣውን ነው። ጠርጌ ስጨርስ ከታች አንዲት መብራት ብቻ፣ 3ኛዋ ላይ ቀረች። ባለእርሳስ ከጻፋቸው ሰባቱ ውስጥ የለችም። ምን ላድርግ?

ባለእርሳስ

መጀመሪያ ከላይ ካሉት አራት ረድፎች አንዳችም ሳይጠፋ የቀረ እንደሌለ እይ። በትንሽ ስልክ ስክሪን ላይ ጣት ጎረቤት ሳጥን ላይ ያርፋል፤ እኔን ብዙ ጊዜ አስቶኛል። እነሱ ንጹህ ሆነው አንዲት ብቻ ከቀረች ግን ሰሌዳው የሚፈታ አይደለም። ጥፋቱ ያንተ አይደለም።

ዘጠኝ ነጥብ

ልክ ነው። 5 በ5 ሰሌዳ 33,554,432 ዓይነት መልክ ሊኖረው ይችላል። የሚፈታው ግን አንድ አራተኛው፣ 8,388,608 ብቻ ነው። በደንብ የተሠራ ጨዋታ ከጨለማ ሰሌዳ ይነሳና ራሱ ሳጥኖችን እየተጫነ ያዘጋጀዋል፤ ስለዚህ ሁልጊዜ ይፈታል። ያንተኛው መብራቶቹን በዘፈቀደ እያበራ መሆን አለበት።

ሳትለፋ አስቀድመህ የምታውቅበት መንገድ አለ። ሁለት ጊዜ ቁጠር። መጀመሪያ 3ኛውን ረድፍ ተወውና በቀሩት አራት ረድፎች ላይ፣ 1ኛ፣ 3ኛና 5ኛ ዓምድ ውስጥ የበሩትን ቁጠር። ቀጥሎ 3ኛውን ዓምድ ተወውና በቀሩት አራት ዓምዶች ላይ፣ 1ኛ፣ 3ኛና 5ኛ ረድፍ ውስጥ የበሩትን ቁጠር። ሁለቱም ቁጥሮች ሙሉ ከሆኑ፣ ማለትም ዜሮ፣ 2፣ 4 እያሉ ከሄዱ፣ ይፈታል። አንዱ እንኳ ጎዶሎ ከሆነ አይፈታም፤ አዲስ ሰሌዳ አስመጣ።

በራስህ መብራት ሞክረው። የ5ኛው ረድፍ 3ኛ ሳጥን በመጀመሪያው ቆጠራ ውስጥ ስላለች አንድ ትሆናለች። ጎዶሎ ነው።

ነጭ ወረቀት

ቆጠርኩ፣ እውነት ነው። አሁን አዲስ ሰሌዳ ሲመጣ ከመጀመሬ በፊት እቆጥራለሁ። ከስድስቱ አራቱ አይፈቱም ነበር። ተባረክ።

ማለዳ

በ15 ጨረስኩ! ሦስተኛዋ ኮከብ መጣች። ቅደም ተከተሉን ሆን ብዬ ከታች ወደ ላይ አደረግኩት፤ እውነትም ለውጥ የለውም። ኢንኮግኒቶም አልነበረም ጨረቃ፣ አመሰግናለሁ።

ይኸው ደግሞ 6 በ6 ተከፈተልኝ። ሰባቱ መልሶች ለዚያም ይሠራሉ?

ዘጠኝ ነጥብ

አይሠሩም። ለየመጠኑ የራሱ ዝርዝር ያስፈልገዋል። 4 በ4 ላይ ከላይ የምትጫኚው ነገር ታች ሲደርስ ምንም አይቀይርም፤ የሚፈታ ከሆነ በመጀመሪያው ጥረጋ ይጠፋል። 6 በ6 ደስ የሚለው ነገር ሁሉም ሰሌዳ መፈታቱ ነው፤ መልሱ ግን አንድ ብቻ ነው።

ዝርዝሩን ራስሽ ሥሪው። ወረቀት ላይ ጨለማ ሰሌዳ ሳዪ። ከላይ 1ኛውን ብቻ ተጫኚና እስከ ታች ጥረጊ። ከታች የበራውን ጻፊ። ከዚያ ሰሌዳውን አጥፍተሽ 2ኛውን፣ እንዲህ እያልሽ ቀጥዪ። ጨዋታው ላይ የተወሰኑ መብራቶች ሲቀሩብሽ ከጻፍሻቸው ውስጥ ተደምረው እነዚያን የሚሰጡትን ፈልጊ።

ማለዳ

1ኛውን ሠራሁ። ከታች 1 እና 5 በሩ። ልክ ነኝ?

ዘጠኝ ነጥብ

ልክ ነሽ። 6ኛውን እንግዲህ አትሥሪው፤ የ1ኛው መስታወት ስለሆነ 6 እና 2 ይሰጥሻል። 5ኛው ከ2ኛው፣ 4ኛው ከ3ኛው በዚሁ መንገድ ይገኛሉ። የቀረሽ ሁለት ጥረጋ ብቻ ነው።