የህንድ ከተማ ከንቲባ ምን ሥልጣን አለው? ቦስን በከንቲባነቱ የሚያውቅ ካለ

የአራት ኪሎ አንባቢ፦

ሰላም ለሁላችሁ። አራት ኪሎ አካባቢ የምንገናኝ ትንሽ የንባብ ቡድን አለችን። ቅዳሜ ከሰዓት ቡና እየጠጣን አንዳችን ስላነበብነው ነገር እንናገራለን፤ የሚቀጥለው ተራ የኔ ነው። ፒያሳ ፈርሳ እንደ አዲስ ስትሠራ ስላየን ይሁን እንጃ፣ ሰሞኑን ከተማና ከተማ የሚያስተዳድር ሰው ሳይነሣ ወሬያችን አያልቅም። እኔም የሌላ አገር ከንቲባ ሕይወት ላቅርብ ብዬ ህንድን ያዝኩ።

ከያዝኩ በኋላ ግራ ገባኝ። የነጻነት ታጋዩ ሱብሃስ ቻንድራ ቦስ የካልካታ ከንቲባ ነበር። ኋላ ምክትል ጠቅላይ ሚኒስትር የሆነው ሳርዳር ፓቴል የአህመዳባድን ማዘጋጃ ቤት ከ1924 እስከ 1928 መርቷል። ኔህሩም አላሃባድ ላይ እንዲሁ። አገር የመሩት ሰዎች ማዘጋጃ ቤት ሠርተው ያለፉ ናቸው ማለት ነው። ስለ ዛሬው የሙምባይ ከንቲባ ሳነብ ደግሞ ስብሰባ ከመምራትና እንግዳ ከመቀበል ያለፈ ሥልጣን የለውም ይላሉ። እንዴት ነው ነገሩ? አንድ ሰው ብቻ መርጬ ብናገር ማንን ትመክሩኛላችሁ? ስለ ቦስ ያገኘሁት ሁሉ ሁለተኛውን የዓለም ጦርነት ነው እንጂ ከንቲባነቱን የሚያወራ አጣሁ።

ፑኔ የተማረ፦

የመጀመሪያው ጥያቄሽ መልስ አለው። በአብዛኛው የህንድ ከተማ አስፈጻሚው ኮሚሽነሩ ነው። እሱን የሚሾመው የክልሉ መንግሥት ሲሆን ሰውየው ከማዕከላዊው የሲቪል ሰርቪስ የሚመጣ ባለሙያ ነው። በጀት የሚያንቀሳቅሰው፣ ሠራተኛ የሚያዝዘው፣ ሕገ ወጥ ግንባታ የሚያፈርሰው እሱ ነው። ከንቲባውን የሚመርጡት የምክር ቤት አባላቱ ናቸው፤ የሙምባይ ከንቲባ ዘመን ሁለት ዓመት ተኩል፣ የዴልሂ አንድ ዓመት ብቻ ነው። ፑኔ ተከራይቼ ስኖር ውሃ ሲጠፋ የሰፈሩ ሰው የሚሮጠው ወደ ተመራጩ፣ እዚያ "ኮርፖሬተር" ወደሚሉት ሰውዬ ነበር። እሱ ደግሞ ወደ ኮሚሽነሩ ቢሮ ይደውላል። የከንቲባውን ስም ሲያነሣ የሰማሁት ጎረቤት የለም።

ካልካታ ግን ይለያል። በ1980 በወጣው ሕግ ከንቲባው ከራሱ ካቢኔ ጋር አስፈጻሚ ሆኗል። ስለ ዘመኑ ሰው ማውራት ከፈለግሽ ደግሞ በ2020 መጨረሻ የኬረላ ክልል ዋና ከተማ ቲሩቫናንታፑራም የ21 ዓመት ተማሪ ልጅ፣ አሪያ ራጄንድራንን፣ ከንቲባ አድርጋለች። ስለ ቦስ ብዙ አላውቅም።

ጡረተኛው መዝገብ ቤት፦

የኔ ልጅ፣ ቦስን ምረጪ። ነገር ግን ከእሱ አትጀምሪ፣ ከቺታራንጃን ዳስ ጀምሪ። ቀኖቹንና ዓመቶቹን በፈረንጅ አቆጣጠር እጽፍልሻለሁ።

ይህን ታሪክ መጀመሪያ የሰማሁት ከታሪክ መምህራችን ነው። ያን ጊዜ አዲስ አበባ ውስጥ የሚያስተምሩት ህንዶች አብዛኞቹ የኬረላ ሰዎች ሲሆኑ እሳቸው ግን ቤንጋሊ፣ ማለት ካልካታ ያለችበት የቤንጋል ክልል ሰው፣ ተወልደው ያደጉት ካልካታ ነበር። ስለ አገራቸው ስንጠይቃቸው ጋንዲን ያነሣሉ ብለን ስንጠብቅ የከተማቸውን ማዘጋጃ ቤት ያነሡ ነበር፤ ሲያወሩም ጠመኔው እጃቸው ላይ እየተፈረካከሰ ልብ አይሉትም። እኔ ከዚያ በኋላ ዕድሜዬን መዝገብ ቤት ነው የጨረስኩት። ስለነዚህ ሰዎች ያገኘሁትን ሁሉ ያነበብኩት በመዝገብ ቤት ሠራተኛ ዓይን ነው።

እስከ 1923 ድረስ የካልካታ ማዘጋጃ ቤት የበላይ የእንግሊዝ መንግሥት የሚያስቀምጠው ሹም ነበር። በዚያ ዓመት ሱሬንድራናት ባነርጂ የሚባሉ አንጋፋ ፖለቲከኛ፣ ያኔ የቤንጋል ሚኒስትር፣ አዲስ ሕግ አወጡ። ምክር ቤቱ ከንቲባውን ራሱ ይመርጣል፣ ዋና ሥራ አስፈጻሚውንም ራሱ ይቀጥራል፤ ሴቶችም ድምፅ ይሰጣሉ። ባነርጂ ሕጉን ባወጡበት ዓመት በቤንጋል ምክር ቤት ምርጫ ቢ.ሲ. ሮይ በሚባል ወጣት ሐኪም ተሸነፉ። ዛሬ ያ ቀይ የጡብ ማዘጋጃ ቤት ያለበት መንገድ በስማቸው ነው የሚጠራው። ሐኪሙን ልብ በይው፣ ኋላ ይመጣል።

በሕጉ የመጀመሪያው ተጠቃሚ ዳስ ሆነ። ጠበቃ ነበር፣ ያውም ከካልካታ ስመ ጥሮቹ አንዱ፤ የነጻነት ታጋዩን አውሮቢንዶ ጎሽን በአሊፖር የቦምብ ክስ ተከራክሮ ያስፈታ እሱ ነው። ከእንግሊዝ ጋር አትተባበሩ የሚለው የጋንዲ ጥሪ ሲመጣ ያን ሁሉ ገቢ ትቶ ወጣ። መኖሪያ ቤቱን እንኳ ለሕዝብ ሰጥቶ ነው የሞተው፣ የሴቶች ሆስፒታል ሆኗል። በ1924 ከንቲባ ሲሆን ያወጣውን ዕቅድ መምህራችን ሰሌዳ ላይ ይጽፉልን ነበር፦ ነጻ የመጀመሪያ ደረጃ ትምህርት፣ ለድሃ ነጻ ሕክምና፣ ርካሽ ምግብና ንጹሕ ወተት፣ የተሻለ ፍሳሽ ማስወገጃ፣ ለድሃ የሚሆን ቤት። አገር ነጻ ሳይወጣ ይህን ማሰብ! ጦሩ፣ ፍርድ ቤቱ፣ ግምጃ ቤቱ በእንግሊዝ እጅ ነው። ማዘጋጃ ቤቱ ግን በእጃቸው ገብቷል፤ ራሳችንን ማስተዳደር እንችላለን ብለው የሚያሳዩበት ሌላ ቦታ አልነበራቸውም። ለጥያቄሽ የኔ መልስ ይኸው ነው። ወንበሩ ትንሽ ነበር፤ ሌላው ሁሉ ስለተከለከላቸው ግን ትልልቆቹ ሰዎች መጥተው ተቀመጡበት።

ዳስ ምክትሉ ያደረገው ሙስሊሙን ሱህራዋርዲን ነው፣ በኋላ በ1956 የፓኪስታን ጠቅላይ ሚኒስትር የሆነውን። ዋና ሥራ አስፈጻሚ ያደረገው ደግሞ የ27 ዓመቱን ቦስን። እንግሊዞቹ ሹመቱን ያጸደቁት ሳይወዱ ነው፤ ይህ ልጅ የእነሱን ሲቪል ሰርቪስ ፈተና አራተኛ ወጥቶ አልፎ፣ በ1921 በፈቃዱ የለቀቀ ነው። የተመደበለት ደሞዝ በወር 3,000 ሩፒ ነበር። ግማሹን ብቻ፣ 1,500 ሩፒ፣ እቀበላለሁ አለ። የማዘጋጃ ቤቱን ሠራተኞች ደንብ ልብስ በአገር ቤት በተፈተለ ካዲ ለወጠ። ለእንግሊዝ ገዥ ይደረግ የነበረውን የከተማ አቀባበል ለራሳቸው አገር መሪዎች አደረገው። የከተማውን ትምህርት የሚመራለት ካምብሪጅ የተማረ ሰው ቀጠረ፣ ነጻ ትምህርት ቤቶች መከፈት ጀመሩ።

ይህ ሁሉ ከጥቂት ወራት በላይ አልቆየም። ጥቅምት 25 ቀን 1924 ክስ ሳይቀርብበት ታሰረ።

እንግዲህ መዝገብ ቤት የሠራ ሰው የሚቆምበት ቦታ እዚህ ጋ ነው። ቦስ አሊፖር እስር ቤት ሆኖ የማዘጋጃ ቤቱ ሥራ አስፈጻሚነቱ አልተነሣም። ጸሐፊው ፋይሎቹን ይዞ እስር ቤት ይመጣል፣ ፖሊስ አጠገባቸው ቆሞ እያየ ቦስ አንብቦ ይመራል፣ ይፈርማል። ፋይል ማለት ምን እንደሆነ በሥራው ያላለፈ ሰው አይረዳውም። የአንዲት መበለት የውሃ ማመልከቻ ገቢ ሆኖ ቁጥር ይሰጠዋል፣ ወደ ክፍሉ ይመራል፣ ባለሙያው አስተያየቱን ይጽፋል፣ ፓራፍ ያደርጋል፣ ተመልሶ ወደ ላይ ይወጣል፤ የላይኛው ፊርማ ከጎደለ ማመልከቻው አለ፣ ማህተሙ አለ፣ ውሃው ግን የለም። አለቃ ሲታመም ወይም ሲዛወር ስንት ጉዳይ መደርደሪያ ላይ አቧራ እንደሚጠጣ አይቻለሁ። ይህ ሰው እስር ቤት ቁጭ ብሎ የሌላውን ሰው የቧንቧ ጉዳይ አንብቦ ይፈርም ነበር። ስለ እሱ ከሚወራው ጀግንነት ሁሉ እኔን የሚያሸንፈኝ ይህኛው ነው።

እንግሊዞቹ ይህም በዛበት ብለው ራቅ ወዳለ እስር ቤት አዛወሩት፣ ቀጥለውም በርማ፣ ማንዳላይ ላኩት። ዳስ በሰኔ 1925 ዳርጂሊንግ ላይ ሲሞት ቦስ ማንዳላይ ነበር፣ ሊሸኘው አልቻለም። ታሞ በግንቦት 1927 ተለቀቀ።

ከንቲባነቱ ከዚህ በኋላ ነው። በነሐሴ 1930 ምክር ቤቱ ከንቲባ አድርጎ መረጠው፤ አሁንም እስር ቤት ነበር። (በእኛ አቆጣጠር ከ1997ቱ ምርጫ በኋላ እኛም ከንቲባ ሆኖ ተመርጦ ወንበሩ ላይ ሳይቀመጥ እስር ቤት የገባ ሰው አይተናል፤ በዕድሜ የደረሱት ያስታውሳሉ።) በመስከረም ተፈትቶ ወንበሩ ላይ ሲቀመጥ የራሱን አዲስ ዕቅድ አላወጣም፣ የዳስን ነው እንደገና ያነሣው። ጥር 26 ቀን 1931 የተከለከለ ሰልፍ እየመራ በፈረሰኛ ፖሊስ ተደብድቦ፣ ከንቲባ እያለ፣ እንደገና ታሰረ። ከእሱ ቀጥሎ ወንበሩን የያዘው ያ ሐኪም፣ ሮይ ነው።

በወር ስትቆጥሪው ከንቲባ ሆኖ የሠራበት ጊዜ በጣም አጭር ነው። ይህን አትደብቂ፣ ተናገሪው።

ከስድስት ኪሎ፦

ጋሼ፣ በአክብሮት ነው የምናገረው፤ አጻጻፍዎ ደስ ይላል፣ የፋይሉን ነገር ሳነብ ቆሜ ቀረሁ። ግን ታሪኩን 1931 ላይ አቁመውታል። እኔ በየቀኑ የየካቲት 12ን ሐውልት እያለፍኩ ነው ሥራ የምገባው፤ አያቴም አርበኛ ነበሩ።

ይህ ሰው በጥር 1941 ከካልካታ ቤቱ ሾልኮ አፍጋኒስታን ከገባ በኋላ ፓስፖርት የሰጠው የሙሶሊኒ መንግሥት ነው። "ኦርላንዶ ማዞታ" በሚል የጣሊያን ስም ተጉዞ ሚያዝያ 2 ቀን 1941 በርሊን ገባ። እዚህ አዲስ አበባ ላይ የጣሊያን ባንዲራ ገና አልወረደም ነበር። የራሱ አገር ልጆች፣ አራተኛውና አምስተኛው የህንድ ክፍለ ጦር፣ ያን ሰሞን ከረን ተራራ ላይ ከጣሊያን ጋር ተዋግተው ስንቱ እዚያው ቀርቷል። እሱ ከሂትለር ጋር በ1942 ቁጭ ብሎ ተነጋግሯል። ንባብ ቡድን ፊት ስለ ከንቲባው ደሞዝ ተነግሮ ይህ ከቀረ፣ ለሐበሻ አድማጭ ግማሽ ታሪክ ነው።

ጡረተኛው መዝገብ ቤት፦

ልጄ፣ ያልከው ሁሉ እውነት ነው፤ አልከላከልለትም። እንዲያውም ነገሩን የሚያከብደውን ልጨምርልህ። ጣሊያን እኛን በወረረበት በ1935 ቦስ ስለ አቢሲኒያ ጽፏል። አውሮፓ ነበር ያኔ። ኃያላኑ እንዴት ለብቻችን እንደተዉን በደንብ ገብቶት ነበር። ስለዚህ አላወቀም አይባልም። እያወቀ፣ እንግሊዝን ያስወጣልኝ እንጂ ማንም ይሁን ብሎ ሄደ። ይህን ለመምህራችን አንድ ተማሪ፣ አባቱ በግራዚያኒ ጊዜ የተገደሉበት ልጅ፣ ተነሥቶ ጠይቋቸው ነበር። መምህሩ ረጅም ጊዜ ዝም አሉ፤ ከዚያ፣ ካልካታ ውስጥ በራሳቸው ቤት አባታቸውና አጎታቸው በዚህ ጉዳይ ተጣልተው ሳይታረቁ እንደሞቱ ነገሩን። ቦስን ትክክል ነው አላሉም፣ ስህተት ነውም አላሉም። እኔ ግን ስህተት ነው እላለሁ። በእስር ቤት ሆኖ የፈረመው ፊርማም ለዚህ ብዬ አይፋቅብኝም።

የአራት ኪሎ አንባቢ፦

ሁለታችሁንም አመሰግናለሁ፤ ፑኔ የተማርከውንም። አሁን መንገዱ ታየኝ። በዳስ ጀምሬ፣ ቦስን እስከ 1931 በሰፊው፣ ከዚያ የጣሊያኑን ፓስፖርት ሳልሸፋፍን አነሣለሁ። ጥያቄ እንደሚበዛብኝ ይታወቀኛል። ጋሽዬ፣ አንድ ብቻ ልጨምር፤ የዳስ ዕቅድስ የት ደረሰ? የወተቱ፣ የትምህርት ቤቱ? ከሰዎቹ ጋር አብሮ ቀረ ወይስ የጨረሰው ሰው አለ?

ጡረተኛው መዝገብ ቤት፦

ትምህርት ቤቶቹ ቀጥለዋል፤ አንድ ጊዜ የተከፈተ ነጻ ትምህርት ቤት ለመዝጋት ከባድ ነው። ሌላውን በሮይ በኩል ተከተይው፣ ለዚህ ነው ልብ በይው ያልኩሽ። ከ1931 ጀምሮ የካልካታ ከንቲባ፣ ከነጻነት በኋላ ደግሞ ከ1948 እስከ ሞተበት 1962 የምዕራብ ቤንጋል ዋና ሚኒስትር ነበር። ያን ሁሉ ጊዜ ሐኪምነቱን አልተወም፣ ጠዋት ጠዋት ቤቱ ድሃ በሽተኞችን በነጻ ያይ ነበር። የተወለደውም የሞተውም ሐምሌ 1 ቀን ነው፤ ህንዶች ያን ቀን የሐኪሞች ቀን ብለው ያከብሩታል። ከአድማጮችሽ መካከል የጤና ባለሙያ ካለ በእሱ በኩል ግቢ። ፓቴልንም ለሌላ ቅዳሜ አቆዪው፤ በ1927 አህመዳባድን ጎርፍ ሲያጥለቀልቃት የማዘጋጃ ቤቱ መሪ ሆኖ ያደረገው ብቻውን አንድ ከሰዓት ይሞላል። ጽፈሽ ስትጨርሺ እዚህ ለጥፊው፣ ዓመቶቹን አየት አደርግልሻለሁ።