ለልቦለዴ የፈጠርኩት ድንጋይ ሁሉን ቻይ ሆነብኝ፤ ምን ልቀንስለት?

ማታ ጸሐፊዋ፦

ሰላም ለሁላችሁ። ልጆቼ ከተኙ በኋላ የምጽፈው ምናባዊ ልቦለድ አለኝ። አገሩንም ሕዝቡንም ከራሴ ነው ያወጣሁት። በዚያ አገር ከገደል ተቆፍሮ የሚወጣ «ዝክር» የሚባል ድንጋይ አለ። ባቄላ ያክላል፣ ግራጫ ነው፣ መንገድ ላይ ቢወድቅ ማንም አያነሳውም። ግን አፍ አስጠግተው ከተናገሩበት ድምፅ ይይዛል፤ ጆሮ ላይ ሲያደርጉት መልሶ ያሰማል። ዋናዋ ገጸ ባሕርይ የ12 ዓመት ልጅ ናት። የሞተች እናቷ ድምፅ ያለበትን ዝክር ማተቧ ላይ አስራ ትዞራለች።

ሦስተኛው ምዕራፍ ላይ ስደርስ ነገሩ ተበላሸ። ዳኛው ምስክር አያሻውም፣ ነጋዴው ውል አይጽፍም፣ ሰላዩ ደብዳቤ አይደብቅም፤ ሁሉም ኪሱ ውስጥ ዝክር አለው። ታናሽ እህቴ አንብባ «ታዲያ ለምን ሁሉም ሰው ቆፍሮ አይይዝም? ስልክ ማለት እኮ ነው» አለችኝ። መልስ አጣሁ። አስማተኛ ብቻ ነው የሚያሠራው ብል ደግሞ ማምለጫ መሰለብኝ። እስቲ ሐሳብ አዋጡ።

ጎራዴው፦

ብርቅ አድርጊው፣ በመቶ ዓመት አንዴ የሚገኝ። ወይም የተጠቀመበት ሰው ዕድሜው ይቀነስ። ስሙንም ቀይሪ፤ «ዝክር» ሲባል እኔ የታየኝ ዳቦና ጠላ ነው።

ማታ ጸሐፊዋ፦

ሃሃ፣ ጠላውስ ምን አጠፋ? ዕድሜ መቀነሱ በየጌሙ ያለ ነገር ስለሆነ ተውኩት። ስሙን ግን አልለቅም፤ እናትየው የምትታሰብበት ነው።

የደላንታው፦

እህቴ፣ እኔ ልቦለድ ብዙም አላነብ፤ ድንጋይ ግን አውቃለሁ። የወሎዋ የወገል ጤና ልጅ ነኝ። በፈረንጆቹ 2008 ኦፓል የሚባለው ባለ ኅብረ ቀለም የከበረ ድንጋይ እኛ ዘንድ ሲገኝ ተማሪ ነበርኩ፤ ትምህርት ሲዘጋ ከአጎቴ ጋር ገደል እወርድ ነበር።

የኛን ድንጋይ ጠባይ ልንገርሽ። የወሎ ኦፓል ውኃ ይጠጣል። አረንጓዴና ቀይ እሳት የሚረጨውን ድንጋይ ውኃ ውስጥ ጣይው፤ ቆይቶ ቀለሙ ይጠፋና ወዲያ ማዶ የሚያሳይ ብርጭቆ ይመስላል። ክብደቱም ይጨምራል። አውጥተሽ ስታደርቂው ቀለሙ ይመለሳል። ቀለም የምንለው ነገር እኮ ውስጡ የተቀባ አይደለም። በዓይን የማይታዩ የሲሊካ ቅንጣቶች በሥርዓት ተደርድረው ብርሃኑን ሲበትኑት የሚመጣ ነው። ውኃ በመካከላቸው ያለውን ክፍተት ሲሞላው ብርሃኑ ዝም ብሎ ያልፋል። ያንቺም ድንጋይ ሲርስ ዲዳ ይሁን። ድምፁ አይጠፋም፣ ውኃው እስኪወጣ ይታፈናል እንጂ።

እህትሽ ላነሳችው ጥያቄ ደግሞ ይህን ስሚ። ኦፓሉ ያለው ከአምባው ጫፍ ብዙ ተወርዶ፣ ገደሉ ወገብ ላይ ባለች አንዲት ንብርብር ውስጥ ነው። ውፍረቷ አንድ ሜትር አይሞላም። እሷን ተከትለሽ በመሮና በመዶሻ ወደ ውስጥ ትገቢያለሽ፤ ተራራው ሁሉ ከጀርባሽ በላይ ነው። አንዳንዱ ጉድጓድ ተንዶ ሰው ያስቀራል። የሚወጣው ድንጋይ ብዙ ጊዜ እርጥብ ነው፤ ጭቃ ለብሷል፣ እጅሽም በላብ ርሷል። ምን እንደያዘ አታውቂም። ሲደርቅ ወይ ያበራል ወይ ይሰነጠቃል፤ ያን ለማየት መጠበቅ ነው። እኔ ደግሞ የቸኮልኩት ለደብተር መግዣ ነበር። አንዷን፣ የእንቁላል ግማሽ የምታክለውን፣ በ300 ብር ሰጠኋት። ገዢው ከሳምንት በኋላ ስልኩን አውጥቶ ፎቶዋን አሳየኝ። ምን ልበልሽ፣ ምጣድ ሙሉ ፍም ትመስላለች። ዛሬም አንዳንዴ ሌሊት ትመጣብኛለች።

ስለዚህ ዝክርም እንዲሁ ይሁን። ከአሥሩ የትኛው ድምፅ እንደሚይዝ ሳይደርቅ አይታወቅ። ማንም ይቆፍር፣ አትከልክዪ፤ ቆፋሪው ግን የሚሸጠው ሳይሰማው ነው። የሚሰማው ቆላ ላይ ደረቅ መጋዘን ያለው ሰውዬ ነው።

የጨው ዘር፦

ደላንታዬ፣ ፎቶዋን ማሳየቱስ ምን ይሉታል! ክፉ ሰው።

እኔ መንገዱን ልጨምር። አያቴ ከአፋር በግመል ጨው የሚያመላልሱ ሰው ነበሩ። ጨዉ የሚቆረጥበት ሜዳ ከባሕር ወለል በታች ከ100 ሜትር በላይ ዝቅ ያለ ነው፤ እዚያ ጨው ማለት አፈር ነው፣ ማን ይሰርቀዋል? ወደ ደጋ በወጣ ቁጥር ነው ዋጋው የሚወጣው። አሞሌ እስከ 20ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ድረስ በስንት ገበያ ገንዘብ ሆኖ ያደረው ከሜዳው ርቆ ነው። ዝናብ ከመታው ደግሞ ገንዘብሽ ሟሙቶ ይቀራል፤ አያቴ ደመና ሲያዩ ቀድመው የሚሸፍኑት ጭነቱን ነበር፣ ራሳቸውን አልነበረም። እና አንድ ዝክር ገደሉ ሥር ስንት ነው? ንጉሡ ከተማስ? በመሃል ስንት ኬላ ይቀርጠዋል? እሱን ከጻፍሽ ዳኛውም ነጋዴውም እንደ ልባቸው አያገኙትም። ካልሆነማ «ጨው ሆይ ለራስህ ስትል ጣፍጥ» ተብሎ የተተረተው ይደርስበታል።

ማታ ጸሐፊዋ፦

ሁለቴ አነበብኩት። ወንድሜ፣ ስለዚያች ድንጋይ አዘንኩ፣ እውነቴን ነው።

አንድ ነገር አስደነገጠኝ። አራተኛው ምዕራፍ ላይ ልጅቷ ወንዝ ትሻገራለች፤ ውኃው አንገቷ ድረስ ነው። ማተቧ ይርሳል ማለት ነው! ማዶ ወጥታ ጆሮዋ ላይ ስታደርገው እናቷ ዝም ትላለች። እኔ ወንዙን የጻፍኩት አገሩን ለማሳመር ብቻ ነበር። አሁን ምዕራፉን እንደገና መጻፌ ነው። አንድ ጥያቄ፦ ለመድረቅ ስንት ቀን ይፈጅበታል?

የደላንታው፦

እንደ ድንጋዩ ነው። ባቄላ የምታክል ከሆነች አንድ ሁለት ቀን በይው፤ ትልቁ ሳምንትም ይቆያል። ጨርቅ ላይ አድርጋ ጥላ ሥር ታስቀምጠው። እሳት ዳር እንዳታሞቀው ብቻ፣ ይሰነጠቃል። እኔ አድርጌው አይቻለሁ።

ጎራዴው፦

ታሞቀዋለች። 12 ዓመቷ ነው።